ዜሮ ቮልት ባለበት ቦታ ፊልዱ ለምን ዜሮ አይሆንም?

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «ሰላም አቦ፣ እንዴት ነህ? የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነኝ፤ የገንደ ቆሬ ልጅ። ላብራቶሪ ውስጥ ውኃ ያለበት የፕላስቲክ ትሪ ላይ ሁለት ብረት አቁመን፣ 6 ቮልት ሰጥተን፣ በመልቲሜትር እየለካን የኢኩፖቴንሻል መስመሮችን ሣልን። መጽሐፉ በፖዘቲቩና በኔጋቲቩ መካከል ያለው መስመር ዜሮ ቮልት ነው ይላል፤ የእኛ ሜትር ግን 3 አለ። ዜሮ ነው እንበልና፣ ዜሮ ባለበት ቦታ ፊልዱ ለምን ዜሮ አይሆንም? ደግሞ መስመሮቻችን ትሪው ዳር ሲደርሱ እንደ መጽሐፉ ዞረው አልተመለሱም፤ ጠርዙን ቀጥ ብለው ገጩት። ስህተት ነው ተብለን ነጥብ ተቀነሰብን። ይህ ነገርስ ከፈተና ውጭ የት ይጠቅማል?»

እንደ ድሬ ልጅ «አንተ» ብለሽ ስለጻፍሽልኝ ደስ ብሎኛል፤ እኔም «አንቺ» ብዬ ልመልስልሽ። ሥራዬ ኧርዝ ነው፣ ማለትም ከረንትን ወደ መሬት የሚያወርድ የሚቀበር ብረት፤ ለሕንፃና ለትራንስፎርመር ኧርዝ አስቀብራለሁ፣ እለካለሁም። ስለዚህ የጠየቅሽው ነገር ለእኔ ዕለት ዕለት የምረግጠው መሬት ነው። ከሁሉ በፊት ስለተቀነሰባችሁ ነጥብ ልንገርሽ፦ መስመሮቻችሁ ትክክል ናቸው። ምክንያቱን በመጨረሻ አመጣዋለሁ፤ እስከዚያ ታገሺኝ፣ ምክንያቱ ሌሎቹን ነገሮች ይፈልጋልና።

በደንገጎ በኩል ወደ ሐረር ስትወጪ በመኪናው መስኮት የምታይውን እርከን አስቢ። ገበሬው ድንጋይ በድንጋይ ላይ ደርድሮ፣ ማሽላውንና ጫቱን ይዞ፣ ተራራውን በአንድ ከፍታ ይዞረዋል። እርከኑ አንድ ክንድ እንኳ ካዘነበለ ዝናቡ ሲመጣ ውኃው በርዝመቱ ይሮጥና ዝቅ ባለው በኩል ይንደዋል። ይህን ገበሬው ከማንም በላይ ያውቃል። ያ እርከን በድንጋይ የተሠመረ ኢኩፖቴንሻል፣ ማለትም ቮልቱ በሁሉም ነጥቡ አንድ የሆነ፣ መስመር ነው። ከጫፍ እስከ ጫፍ ብትሄጂበት አትወጪም፣ አትወርጂም። ከላይ የሚመጣው ውኃ ደግሞ እርከኑን የሚሻገረው ቁልቁል ነው፤ በ90 ዲግሪ ይቆርጠዋል እንጂ አብሮት አይሄድም።

እንግዲህ ከፍታውን በፖቴንሻል፣ ማለትም በቮልቱ፣ ተኪው። የቁልቁለቱን አቅጣጫና ኃይለኛነት ደግሞ በኤሌክትሪክ ፊልድ፣ በመጽሐፍ አማርኛ የኤሌክትሪክ መስክ በምንለው ተኪው። መስመሩና ፊልዱ ለምን ሁልጊዜ በ90 ዲግሪ እንደሚገናኙ እርከኑ ራሱ ይነግርሻል። ፊልዱ በመስመሩ ርዝመት የሚገፋ ቅንጣት ድርሻ ቢኖረው ኖሮ፣ ቻርጅ፣ ማለትም ኤሌክትሪክ ያዘለ ነገር፣ በመስመሩ ላይ ሲንቀሳቀስ ፊልዱ ሥራ ይሠራ ነበር። ሥራ ከተሠራ ፖቴንሻሉ ተለውጧል። ፖቴንሻሉ ከተለወጠ ደግሞ መስመሩ ያዘነበለ እርከን ነው፤ ኢኩፖቴንሻል አይባልም። በዚህ ውስጥ ሌላም ነገር አለ። ከመስመሩ ወጥተሽ፣ ዞር ዞር ብለሽ፣ በሌላ ቦታ ወደዚያው መስመር ብትመለሽ ፊልዱ የሠራው ሥራ ተደምሮ ያው ዜሮ ነው። የሐረር መንገድ ከድሬ ተነስቶ በሐረማያ በኩል ከሐረር ከፍታ በላይ ይወጣና መልሶ ይወርዳል። በየትም ብትሄጂ ግን በሁለቱ ከተሞች መካከል ያለው የከፍታ ልዩነት አይለወጥም።

አሁን ወደ ዋናው እንግባ። ተማሪዎች ሁሉ የሚደናቀፉበት ቦታ አንድ ነው፦ ከፍታን ከቁልቁለት ጋር ያምታታሉ። ድሬዳዋ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 1,200 ሜትር፣ ሐረር ወደ 1,900 ሜትር ገደማ ላይ ናቸው። ሐረር ላይ ሜዳ ቦታ ኳስ ብታስቀምጪ፣ 1,900 ሜትር ከፍታ ላይ ነኝ ብሎ አይንከባለልም። ድሬ ላይ፣ 700 ሜትር ዝቅ ብሎ፣ አንድ ተዳፋት ላይ ብታስቀምጪው ግን ይሮጣል። ኳሱ የሚያውቀው ከእግሩ ሥር ያለውን ተዳፋት ብቻ ነው። ቻርጅም እንዲሁ ነው። ፊልድ ማለት ፖቴንሻሉ በአንድ ቦታ ላይ በምን ያህል ፍጥነት እንደሚለወጥ እንጂ ፖቴንሻሉ ስንት እንደሆነ አይደለም።

ከፍታ ከባሕር ጠለል ይለካል ያለው ደግሞ ስምምነት ነው። ድሬ ውስጥ ከዚራ ያለውን የባቡር ጣቢያ ዜሮ ብለን ብንስማማ፣ ሐረር ወደ 700 ሜትር ትሆናለች፤ ጣቢያውም ዜሮ ተባለ ብሎ ሜዳ አይሆንም፣ የደንገጎም ዳገት በአንድ ስንዝር አይቀንስም። የመልቲሜትርሽ 3 ቮልትና የመጽሐፉ ዜሮ የተለያዩትም በዚህ ብቻ ነው። ጥቁሩን ፕሮብ፣ የሜትሩን ጥቁር መለኪያ ጫፍ፣ ኔጋቲቩ ብረት ላይ አድርጋችሁታል፤ ስለዚህ ከዚያ ስትለኩ መካከለኛው መስመር 3 ሆነ። ጥቁሩን ፕሮብ አንሥታችሁ መካከለኛው መስመር ላይ ብታደርጉት ያው መስመር ዜሮ ይላል፤ ፖዘቲቩ ብረት ሲደመር 3፣ ኔጋቲቩ ሲቀነስ 3 ይሆናል። ውኃው ውስጥ ግን ምንም አልተነካም። ዜሮ የሚባለው ጥቁሩ ፕሮብ የተቀመጠበት ቦታ ነው።

ይህን በቁጥር ማየት ከፈለግሽ ሁለት ቻርጅ በ20 ሳንቲ ሜትር አራርቂ፤ አንዱ ሲደመር 1 ናኖኩሎም፣ ሌላው ሲቀነስ 1 ናኖኩሎም። መካከላቸው ላይ ከእያንዳንዱ 10 ሳንቲ ሜትር ትርቂያለሽ። ከአንደኛው 90 ቮልት፣ ከሌላኛው ሲቀነስ 90 ቮልት፣ ድምሩ ዜሮ። ፊልዱ ግን አንደኛው ሲገፋ ሌላኛው በዚያው አቅጣጫ ይስባል፤ 900 ሲደመር 900፣ 1,800 ቮልት በሜትር ይሆናል። አሁን ሁለቱንም ፖዘቲቭ አድርጊያቸው። ፖቴንሻሉ 90 ሲደመር 90፣ 180 ቮልት ሆነ፤ ፊልዱ ግን ሁለቱ ፊት ለፊት ስለሚገፉ ተጣፍቶ ዜሮ ይሆናል። በአንደኛው ፖቴንሻል የለም ፊልድ አለ፤ በሁለተኛው ፖቴንሻል አለ ፊልድ የለም። ይህን ጥንድ ስሌት በእጅሽ አንድ ጊዜ ከሠራሽው ሁለተኛ አትምታቺም።

ቁልቁለቱን ከሥዕሉ ላይ የምናነበው ከመስመሮቹ መቀራረብ ነው። አንድ የ1 ናኖኩሎም ቻርጅ ብቻውን ሲሆን ፖቴንሻሉ በ10 ሳንቲ ሜትር ላይ 90 ቮልት፣ በ15 ላይ 60፣ በ30 ላይ 30 ነው። በየ30 ቮልቱ መስመር ካሠመርሽ የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ በ5 ሳንቲ ሜትር፣ ቀጣዮቹ በ15 ሳንቲ ሜትር ይራራቃሉ። 30 ቮልትን ለርቀቱ አካፍዪ፦ በመጀመሪያው ክፍተት አማካዩ ፊልድ 600፣ በሁለተኛው 200 ቮልት በሜትር ይመጣል። መስመሩ የተጠጋጋበት ገደል ነው፤ የተራራቀበት ሜዳ ነው። እዚህ ላይ ስለ ቃሉም አንድ ነገር ልበል። ወረቀት ላይ «መስመር» የምንለው በእርግጥ የአንድ ወለል ቁራጭ ነው። ቀይ ሽንኩርት በቢላ መሃል ለመሃል ስትቆርጪ የሚታዩሽ ክቦች መስመሮቹ ናቸው፤ ቅርፊቶቹ ራሳቸው ኢኩፖቴንሻል ወለሎቹ ናቸው።

«ኢኩፖቴንሻል መስመሮች ፈጽሞ አይቋረጡም» ብለው አስተምረውሽ ይሆናል። ይህ ሐሳብ ትንሽ እርማት ይፈልጋል። የተለያየ ቮልት ያላቸው ሁለት መስመሮች በእርግጥ አይቋረጡም፤ አንድ ቦታ ሁለት ከፍታ ሊኖረው አይችልምና። አንድ መስመር ግን ራሱን በራሱ ሊያቋርጥ ይችላል፤ ይህም የሚሆነው ፊልዱ ዜሮ በሆነበት ነጥብ ላይ ብቻ ነው። ከላይ በሁለቱ ፖዘቲቮች መካከል ያየነው የ180 ቮልት መስመር በትክክል እንዲህ ያደርጋል፤ የ8 ቁጥር ቅርጽ ይዞ መሃል ላይ ይተላለፋል። በሁለት ተራራ መካከል እንዳለ በር ነው፤ በግራና በቀኝ ዳገት፣ በፊትና በኋላ ቁልቁለት። የተራራው ምሳሌ የሚሰበርበትንም ቦታ መደበቅ አልፈልግም። በምድር ላይ ጫፍም ጉድጓድም አለ፤ ቻርጅ በሌለበት ባዶ ቦታ ግን ፖቴንሻል በር እንጂ ጫፍም ሆነ ጉድጓድ ሊኖረው አይችልም። እንግሊዛዊው ሳሙኤል ኧርንሾው በ1842 እ.ኤ.አ. ባሳተመው ጽሑፍ ያሳየው ይህንን ነው፤ ቻርጅን በማይለወጥ የኤሌክትሪክ ፊልድ ብቻ አየር ላይ አስቀምጦ ማቆየት የማይቻለውም በዚሁ ምክንያት ነው። ደግሞም ኳስ ሁልጊዜ ይወርዳል፤ ኤሌክትሮን ግን ኔጋቲቭ ስለሆነ ዳገቱን ይወጣል።

«የት ይጠቅማል?» ላልሽው፣ ከሽቦ ላይ ወፍ እንጀምር። ሁለቱ እግሮቿ በአንድ ሽቦ ላይ ስለሆኑ በአንድ ከፍታ ላይ ቆማለች። በጥብቅ ከተነጋገርን ሽቦው ከረንት ስላለበት ፍጹም ኢኩፖቴንሻል አይደለም። በኪሎ ሜትር 0.3 ኦም ያለው ሽቦ 100 አምፔር ቢሸከም፣ በ5 ሳንቲ ሜትር በተራራቁ ሁለት እግሮች መካከል ያለው ልዩነት 1.5 ሚሊ ቮልት ብቻ ነው፤ ለወፏ ከምንም አይቆጠርም። ከአዲስ አበባ በድሬ በኩል ወደ ጅቡቲ የሚሄደው ባቡር በላዩ የተዘረጋው ሽቦ 25,000 ቮልት አለው፤ ወፏ እዚያም ብታርፍ ሰላም ናት። በባቡሩ ጣራ ላይ የሚወጣ ሰው ግን እግሩ ዜሮ ላይ፣ ጭንቅላቱ ከ25,000ው በጥቂት ርቀት ላይ ነው። ያ አጭር ርቀት ገደል ነው፤ ከረንቱ ወደ እሱ ለመዝለል ሽቦውን እስኪነካው ላይጠብቅ ይችላል። ለሰፈር ልጆች ይህን ንገሪያቸው።

ለእኔ ከሁሉ የሚከብደው ግን የመሬቱ ነው፤ ሰው የማያየው ስለሆነ። የከፍተኛ ቮልቴጅ ሽቦ ተበጥሶ መሬት ላይ ሲወድቅ ከረንቱ በአፈሩ ውስጥ ወደ ሁሉም አቅጣጫ ይበተናል፤ በዙሪያውም በመሬት ወለል ላይ የማይታዩ የኢኩፖቴንሻል ክቦች ይፈጠራሉ። 100 አምፔር በ100 ኦም ሜትር አፈር ውስጥ ሲገባ እንቁጠረው፤ ኦም ሜትር አፈሩ ከረንትን ምን ያህል እንደሚከለክል መለኪያ ነው። ከወደቀበት በ1 ሜትር ላይ ፖቴንሻሉ ወደ 1,600 ቮልት፣ በ2 ሜትር ላይ ወደ 800 ነው። አንድ እግሩን በ1 ሜትር፣ ሌላውን በ2 ሜትር ላይ የረገጠ ሰው በሁለት እግሮቹ መካከል 800 ቮልት አለ ማለት ነው፤ ሽቦውን ግን አልነካም። ከ10 ወደ 11 ሜትር ሲራመድ ግን ልዩነቱ 15 ቮልት እንኳ አይሞላም። ስለዚህ ሽቦ ከወደቀበት አጠገብ ራስሽን ብታገኚ አትሩጪ፤ ሩጫ ማለት ሰፊ እርምጃ፣ ብዙ ክብ በአንድ ጊዜ መርገጥ ነው። ሁለት እግርሽን አጋጥመሽ፣ ከመሬት ሳታነሺ፣ ጥቂት በጥቂት እየጎተትሽ ራቂ። ለማየት የሚጠጋ ሰው ካየሽ ደግሞ ከሩቅ ተጣርተሽ ከ10 ሜትር በላይ አርቂውና መብራት ኃይል እስኪመጣ ማንንም አታስጠጊ።

ከብት በመብረቅ ሰው ከሚሞትበት በላይ የሚሞተውም በዚህ ነው። ዛፍ ሥር የተጠለለች ላም ከፊት እግሯ እስከ ኋላ እግሯ ከ1 ሜትር በላይ ስለሆነ ብዙ ክብ ትረግጣለች፤ በዚያ ላይ በፊትና በኋላ እግሮቿ መካከል ያለው ልብ ነው። ሐረርጌ ላይ እረኛን ከዛፍ ሥር አስነሥቶ ከብቱን ወደ ዝቅ ያለ ሜዳ አስወጣ ማለት እኔ እዚህ በቁጥር የጻፍኩትን በአንድ ቃል መናገር ነው። በድሬ ደግሞ ሌላ ችግር አለ። የደቻቱ ዳር አሸዋ ሲደርቅ ከረንት የማሳለፍ አቅሙ እጅግ ይወርዳል፤ ደረቅ አሸዋ 1,000 ኦም ሜትርን ማለፉ የተለመደ ነው። በዚያ አፈር ያው ከረንት ቢገባ ክቦቹ አሥር እጥፍ ከፍ ያለ ቮልት ይይዛሉ። ኧርዝ ስንቀብር በብረቱ ዙሪያ ጨውና ከሰል የምንጨምረው፣ ውኃም የምናጠጣው፣ ያንን ገደል ወደ ሜዳ ለመለወጥ ነው። በትራንስፎርመር ጣቢያ ከመሬት በታች የመዳብ መረብ የምንዘረጋውም በላዩ የሚቆመው ሰው ሁለት እግሮቹ በአንድ ከፍታ ላይ እንዲሆኑ ብለን ነው። እዚህ ላይ ኢኩፖቴንሻልን እኛው እንሠራዋለን፤ እንደ እርከኑ።

አየሩም ቢሆን እርከን አለው። ሰማዩ በጠራ ቀን ከመሬት አጠገብ በየሜትሩ ወደ 100 ቮልት ልዩነት አለ። ቆመሽ ሳለ ጭንቅላትሽ ካለበት ከፍታ እስከ መሬት ከ150 ቮልት በላይ መኖር ነበረበት። ግን አይሰማሽም፤ ሰውነትሽ ኮንዳክተር ስለሆነ ሙሉው በመሬቱ ፖቴንሻል ላይ ይሆንና የአየሩ ወለሎች በአናትሽ ላይ ጎብጠው ያልፋሉ። ሲጎብጡ ደግሞ አናት ላይ ይጠጋጋሉ፤ በሐረር አሮጌ ከተማ በጁገል ውስጥ በሚናሬቶቹ ጫፍ ላይ እንዲሁ ይጨናነቃሉ። የመብረቅ መከላከያ ዘንግ ጫፍ ላይ የሚተከለው እዚያ ገደሉ ስለሚበረታ ነው።

አሁን ወደ ትሪያችሁ። መልቲሜትሩ የሚያየው በውኃው ውስጥ ከረንት የሚያስነሳውን ፖቴንሻል ነው፤ ከረንቱም ፊልዱን ተከትሎ ይፈሳል። የፕላስቲኩ ጠርዝ ጋ ሲደርስ ማለፊያ የለውም። ስለዚህ ጠርዙን ታኮ ከመፍሰስ ሌላ ምርጫ የለውም። ፊልዱ በጠርዙ ርዝመት ከሄደ፣ ኢኩፖቴንሻሉ ፊልዱን በ90 ዲግሪ መቁረጥ ግዴታው ነውና፣ ጠርዙን በ90 ዲግሪ ይመታል። እናንተ የሣላችሁት ይህንኑ ነው። መጽሐፉ ላይ ዞረው የሚመለሱት መስመሮች ጠርዝ በሌለው ዓለም የተሳሉ ናቸው። በዚያ ላይ የመጽሐፉ ቻርጅ ነጥብ ነው፤ ትሪ ውስጥ የቆመ ብረት ግን ከውኃው ሥር እስከ ላይ ስለሚደርስ እንደ ረጅም ዘንግ ይሠራል። ለብረቱ ቅርብ በሆነው አካባቢ ከ1 ወደ 2 ሳንቲ ሜትር ስትሄጂ የቀነሰው ቮልት ከ2 ወደ 4፣ ከ4 ወደ 8 ስትሄጂ ከሚቀንሰው ጋር ይቀራረባል እንጂ የነጥቡን ስሌት አይከተልም። መስመሮቹ በየቦታው ከመጽሐፉ ጋር ቢገጥሙ ኖሮ እኔ የምጠረጥረው ያን ጊዜ ነበር፤ አንድ ሰው ከመጽሐፉ ገልብጧል ብዬ።

ለማረጋገጥ ሙከራውን እንዲህ ድገሙት። መጀመሪያ ትሪው ውኃ ልኩ መሆኑን እዩ፤ ካዘነበለ የውኃው ጥልቀት ይለያይና መስመሮቹ ያለ ምክንያት ይጎብጣሉ። ጨው አትጨምሩ፤ የድሬ የቧንቧ ውኃ ማንቆርቆሪያችን ላይ ነጭ ድንጋይ የሚጋግረው ማዕድን ስላለው በቂ ያሳልፋል። ከባትሪው ይልቅ ዝቅተኛ ቮልት የሚሰጥ ኤሲ ትራንስፎርመር ከተገኘ ይሻላል፤ በዲሲ ብረቶቹ ላይ አረፋ ይይዝና ንባቡ እያደር ይሸሻል። ከዚያ ሁለቱን ብረቶች ከትሪው መሃል በግራና በቀኝ እኩል አቁሙና የትሪውን ዳር በውስጥ በኩል ዙሪያውን በአልሙኒየም ፎይል አስጠጉት፤ ፎይሉን ከምንም ነገር ጋር አታገናኙት። ፎይል ኮንዳክተር ስለሆነ ዙሪያውን አንድ ፖቴንሻል ይሆናል። በ6 ቮልት፣ ጥቁሩ ፕሮብ ከሁለቱ ብረቶች በአንዱ ላይ ሲሆን፣ የትኛውንም ቦታውን ብትነኩት 3 ቮልት አካባቢ ያነብባል። ያን ጊዜ የ2ቱና የ4ቱ ቮልት መስመሮች ጠርዙን መግጨታቸውን ያቆማሉ፤ ወደ ፎይሉ ሲጠጉ ዞረው ብረታቸውን ይከባሉ። ፎይሉ ላይ የሚደርሰው መካከለኛው የ3 ቮልቱ መስመር ብቻ ይሆናል። ሁለቱን ሥዕል፣ ያለ ፎይልና ከፎይል ጋር፣ ጎን ለጎን አድርጋችሁ ለላብ ረዳቱ በአክብሮት አሳዩት።